በጫማ የተለካ ብርሃን

ቅዳሜ ግንቦት 19 ቀን 1959 ዓ.ም. ጎንደር ከተማ ውስጥ «የገብስ ዓመት» የተባለ ፊልም ለሕዝብ ታየ። ከመታየቱ በፊት በነበሩት ሁለት ቀናት ፊልሙን ያነሣው ሰው ስም ከመግቢያው ተቆርጦ ወጥቷል፤ በቦታውም ፊልሙን ያላነሣ ሰው ስም ተቀጥሏል። የወጣው ስም ቢያዝን አዘዘ ነው። የገባው የገጠር ትምህርታዊ ፊልም ክፍል ኃላፊ የአቶ ዳኛው ስም ነው። ስሕተት ሳያውቁት የሚፈጸም ነገር ስለሆነ ይህን ስሕተት ብሎ መጥራት አይቻልም። ፊልሙ ሠላሳ አራት ደቂቃ ይፈጃል፤ በሠላሳ አራቱ ደቂቃ ውስጥ አቶ ዳኛው ያነሡት የአንዲት ዶሮ ምስል እንኳ የለም።

ከሰውየው የተወሰደው ሰባት ፊደል ብቻ ቢሆን ኖሮ ነገሩ በትዝብት ሊታለፍ ይችል ነበር። በክፍሉ ደንብ አንቀጽ ስድስት መሠረት ግን ካሜራ በእጁ የሚቆይለት ሠራተኛ ስሙ በተጠናቀቀ ፊልም ላይ የሰፈረ ብቻ ነው። ስሙን ያጣ ሰው ካሜራውን ያጣል። አቶ ዳኛው ይህን አንቀጽ ያውቁታል፤ የጻፉት እርሳቸው ናቸው።

በደልን ለመመዘን የተበደለውን ነገር ልክ ማወቅ ግድ ነው። ስለዚህ ነገሩ ከመነሻው ይነገራል። ሰሚው በመንገዱ ላይ ቢስቅ አይፈረድበትም፤ ቢያዝን ደስተኛ ሰው ነው፤ ሥራውም የደስታ ሥራ ነበር።

የተወለደው በ1924 ዓ.ም. በጃናሞራ፣ ከመካነ ብርሃን የግማሽ ቀን መንገድ ርቃ በምትገኝ የገብስ አገር ነው። በዐሥራ ሦስት ዓመቱ ዲቁና ተቀበለ። በዚያች አጥቢያ ሰዓት የሚባል ዕቃ አልነበረም፤ በዐቢይ ጾም ቅዳሴ የሚገባበት ዘጠኝ ሰዓት የሚታወቀው በጥላ ነበር። ዲያቆኑ ደጀ ሰላሙ ፊት ለፊት ባዶ እግሩን ይቆማል፤ የጥላው የራስ ጫፍ ያረፈበትን ቦታ በዓይኑ ይይዛል፤ ከዚያ ተረከዙን ከሌላው እግሩ አውራ ጣት ጋር እያገጣጠመ እስከዚያ ድረስ ይቆጥራል። አንዱ እግር አንድ ጫማ ነው። በመጋቢት ጥላው ሰባት ጫማ ሲሞላ ዘጠኝ ሰዓት ሆነ ይባላል፤ ደወል ይደወላል፤ ከቅዳሴው በኋላም የጾመ ሰው ይበላል።

ስለዚህ የአጥቢያው ሕዝብ ሆድ በቢያዝን እግር ላይ ተንጠልጥሎ ነበር፤ ሕዝቡም ይህን አልዘነጋም።

«ስንት ሆነ፣ አንተ ዲያቆን?» ትለዋለች ታየች የምትባል ጎረቤታቸው፣ ከግንቡ ሥር ነጠላዋን አጣፍታ ተቀምጣ።

«ስድስት ተኩል ነው፣ እማ ታየች።»

«ምነው! ይህ እግርህ ከትናንት ወዲህ አደገሳ! እግሩ ትንሽ የሆነ ዲያቆን ብናስቀጥር ይሻለን ነበር፤ ሰባቱ ቶሎ ይሞላ ነበር።»

«እግሬ ቢያንስ ቁመቴም ያንሳል፤ ቁመቴ ካነሰ ጥላዬ ያጥራል። ምንም አያተርፉበትም።»

«ቁመትህን ማን ነካው? ቁመትህ ሸጋ ነው። እግርህን ብቻ ነው የምንጠላው።»

ሰዉ ይስቃል። ቢያዝንም ይስቃል፤ ግን ሰባቱ እስኪሞላ ይጠብቃል። የዘመን ቀመር ያስተማሩት መሪጌታ ሐብተ ማርያም ሕጉን በአንድ ዓረፍተ ነገር ሰጥተውት ነበር፤ «ረጅምም ሆነ አጭር፣ ሰው ሁሉ ቁመቱ በራሱ እግር ስድስት ተኩል ከዚያም ጥቂት ፈቅ ያለ ነው፤ ጥላው የአንዱ፣ እግሩ የሌላው ከሆነ ግን ሰዓቱ የማንም አይሆንም።» ይህ ቃል ወደ ፊት በአንድ የመንግሥት ግቢ ውስጥ በሦስት ባለሥልጣኖች ፊት ስለተፈተነ እዚህ ተመዝግቧል።

በ1942 ዓ.ም. ቢያዝን ቅኔ ሊማር ጎንደር ገባ። የቅኔ መምህሩን ከማግኘቱ በፊት ሲኒማ ቤቱን አገኘ። ጣልያኖች የሠሩት ቤት ነው፤ ከጦርነቱ በኋላ አገሩ ያልተመለሰ አንድ ጣልያን ያስተዳድረው ነበር። መጀመሪያ ወለል ጠረገ፤ ቀጥሎ የተበጠሰ ፊልም መቀጠል ተማረ፤ በሦስተኛው ዓመት ፊልሙን የሚያሳየውን ማኪና ራሱ ያዞር ጀመር። ጣልያንኛም ከባለቤቱ ስድብ ተማረ። ስድቡ ብዙ ስለነበረ ቋንቋውን አሳምሮ ያዘው። ከምንም በላይ ግን ፊት ላይ የሚያርፍ ብርሃን ተማረ። አንዱን ፊልም ሠላሳ ጊዜ የሚያይ ሰው ታሪኩን ይተወዋል፤ የሚቀረው ፀሐዩ ከየት በኩል እንደመጣ ብቻ ነው።

ካሰች ያን ጊዜ ከሲኒማ ቤቱ ደጃፍ ቆሎና የተፈተገ ሱፍ ትሸጥ ነበር።

«ትናንት ያለቀሰችው ሴት ዛሬም ታለቅሳለች?» ብላ ጠየቀችው አንድ ቀን።

«ታለቅሳለች። ሰዓቷን አታዛባም።»

«ምነው ታዲያ አንተ እዚያ ቆመህ ዝም ትላለህ? አንድ ቀን እንኳ አታጽናናትም?»

«ከማልቀሷ በፊት ፊልሙን ብቆርጠው ትድን ነበር። ሰዉ ግን ወንበር ይወረውርብኛል።»

«የሚወረውረውን ወንበር እኔ እቀልብልሃለሁ» አለችው። በ1949 ዓ.ም. ተጋቡ።

የገጠር ትምህርታዊ ፊልም ክፍል ጎንደር ላይ የተከፈተው በ1954 ዓ.ም. ነው። አንድ ላንድሮቨር፣ አንድ ጄኔሬተር፣ አንድ የሲኒማ ማኪና፣ በእጅ የሚጠመዘዝ አንድ ካሜራ፣ የብርሃን መለኪያም ነበረው። ለካሜራ ሠራተኛነት የስምንተኛ ክፍል ምስክር ወረቀት ይጠየቅ ነበር፤ የዘጠኝ ዓመት የቤተ ክህነት ትምህርት ለዚህ መዝገብ ትምህርት አልነበረም። ቢያዝን ስለዚህ «የጄኔሬተር ጠባቂ» ተብሎ ተቀጠረ። ካሜራውን ይዞ የመጣው የውጭ አገር አሠልጣኝ አራት ወር ቆይቶ ሲሄድ፣ አጠቃቀሙን አስተምሮ የጨረሰው ጄኔሬተር ጠባቂውን ብቻ ነበር። አቶ ዳኛው በውጭ አገር ሁለት ዓመት ተምረው ዲፕሎማ ይዘው መጥተዋል፤ ሆኖም የደጋው አየር ሳንባቸውን እንደሚያስቸግራቸው በጽሑፍ አስታውቀዋል። በክፍሉ የመኪና መዝገብ ከ1954 እስከ 1959 ድረስ፣ ወደ ሰሜን በሚወስደው መንገድ ከወለቃ አልፈው የሄዱበት ቀን ተፈልጎ አልተገኘም። ወለቃ ደግሞ ከከተማው ወጣ እንዳሉ የምትገኝ የሸክላ መንደር ናት፤ እስከዚያ የሄዱትም ጀበና ሊገዙ ነበር።

ካሜራው እንዲህ ሆኖ ቢያዝን እጅ ገባ። ማንም አልሰጠውም፤ ማንም ግን ሊይዘው አልፈለገም።

ከመጀመሪያው ቀን ጀምሮ አንድ ልማድ ነበረው። ምስል ባነሣ ቁጥር መለኪያው የሰጠውን፣ የሌንሱ ቀዳዳ የሚከፈትበትን ቁጥር በደብተር ይጽፋል፤ ከጎኑ ሰዓቱን ይጽፋል። የእጅ ሰዓት ስላልነበረው ሰዓቱን የሚጽፈው በጫማ ነው። «ጥር 8፣ ደባርቅ፣ ጥላ አምስት ጫማ፣ ሌንስ ስምንት ቁጥር።» እንዲህ ያለ መስመር በሦስት ዓመት ውስጥ አራት መቶ ዐሥራ ሁለት ሞላ። ምን እያጠራቀመ እንደሆነ እርሱም አያውቅም ነበር።

ያወቀው በሰኔ 1957 ዓ.ም. ነው። «የገብስ ዓመት» ከእርሻ እስከ ውቂያ ያለውን የደጋ ገበሬ ሥራ የሚያሳይ ፊልም እንዲሆን ታስቦ ነበር፤ ሐሳቡም ሆነ ስሙ የቢያዝን ነው። ከደባርቅ ወዲያ መኪና ስለማይሄድ ዕቃው በበቅሎ ተጫነ፤ በቅሎዎቹን የሚነዱት አያ የሻው ነበሩ፣ በአፋቸው ስለት ከደባርቅ እስከ ጃናሞራ የታወቁ ሰው። ወንዝ ሲሻገሩ አንዷ በቅሎ ተንሸራተተች፤ ሣጥኑ ተከፈተ፤ የብርሃን መለኪያው ውኃ ገብቶ ተበላሸ።

«ምኑ ነው የወደቀ?» አሉ አያ የሻው።

«የብርሃን መለኪያው ነው፣ አያ የሻው።»

«እናንተ ከተሜዎች ብርሃንም እየተሰፈረ ነው እንዴ የሚሰጣችሁ? ለእኛ እንዲያው ዝም ብሎ ነው የሚወጣ።»

«መጠኑን ካላወቅሁ ፊልሙ ወይ ይጠቁራል ወይ ይነጣል። መመለሳችን ነው።»

ቢያዝን ደብተሩ ረጥቦ እንደሆነ ለማየት ገለጠው። ደብተሩ አልረጠበም። ገጹን አንድ በአንድ አገላበጠ። ከዚያ ጫማውን አወለቀ።

«ምነው፣ ልትቀድስ ነው?» አሉ አያ የሻው።

አራት መቶ ዐሥራ ሁለቱ መስመሮች አንድ ቃል ይናገሩ ነበር። ጥላው እስከ ሰባት ጫማ ሲሆን መለኪያው ስምንት ቁጥር ይሰጣል፤ ከሰባት አልፎ እስከ ዐሥራ አራት ሲሆን የሌንሱ ቀዳዳ አንድ ደረጃ ሰፍቶ አምስት ነጥብ ስድስት ይሆናል፤ ከዚያ ወዲያ አራት። በነጭ ጋቢ ላይ ግማሽ ደረጃ ማጥበብ፤ በጥቁር በሬ ላይ ግማሽ ደረጃ ማስፋት። ደመና ሲሆን ጥላ የለም፤ ጥላ በሌለበት ማንሣት የለም። በወንዙ ዳር፣ በባዶ እግሩ፣ ይህን በአንድ ገጽ ጻፈው። አንድ ጥቅልል አነሣ፤ ጥቅልሉም ለእጥበት ወደ ውጭ አገር ተላከ።

ጥቅልሉ በነሐሴ መጨረሻ ተመለሰ። ቢያዝን ከማኪናው ኋላ፣ ካሰች ከማኪናው ፊት ሆነው በባዶው ቢሮ ውስጥ አዩት። ጠማጁ ገበሬ፣ ሞፈሩ፣ በጥቁሩ በሬ ጀርባ ላይ ያለው እያንዳንዱ ጠጉር፣ ከገደሉ ማዶ ያለው ሰማያዊ ተራራ ሁሉ በየቦታው ነበር። መብራቱ ሲበራ ካሰች «አንተ፣ ይህን ሁሉ በእግርህ ነው ያየኸው?» አለችው። ያን ዕለት ከአዘዞ የመጣ ጠላ ተጠጣ፤ ዘበኛው አለበልም ለምን እንደሚጠጣ ሳይነገረው አብሮ ጠጣ።

በኅዳር ለአጨዳው ወደ ጃናሞራ ሲመለስ ጄኔሬተሩንና ማኪናውን በበቅሎ ጭኖ ወጣ፤ የተነሡት ሰዎች ራሳቸውን ሳያዩ ሌላ እንዲነሡ መጠየቅ ነውር መስሎት ነበርና። ጀንበር ስትጠልቅ ነጩ ሸራ በቤተ ክርስቲያኑ ሜዳ ተዘረጋ። በሬው ብቅ ሲል የበሬው ባለቤት ተነሥቶ በስሙ ጠራው፤ እውነተኛው በሬ ከበረት ሆኖ መለሰ፤ ሜዳው በሣቅ ተናወጠ። ከዚያ ጓል የምትከሰክስ አንዲት አሮጊት መጣች።

«ያች ማናት?» አለች ታየች።

«እርስዎ ነዎት፣ እማ ታየች።»

«ኧረ ተወኝ! እኔ ነኝ?» ብላ ወደ ሸራው ጠጋ አለች፤ ወደ ሕዝቡም ዞረች። «ይህን ያህል ሸጋ መሆኔን እያወቃችሁ ነው ዝም ያላችሁኝ?»

ትራያን የሚባል ሩማንያዊ የመጣው በዚያው ወር ነው። ከአገሩ የመንግሥት ፊልም ድርጅት ስለ ሰሜን ተራሮች አጭር ፊልም እንዲያነሣ የተላከ፣ ሃያ ዓመት በካሜራ የኖረ፣ ጢሙን የማይላጭ ሰው ነበር። ክፍሉ ቢያዝንን «ጄኔሬተር እንዲጠብቅለት» መደበለት፤ ትራያን ግን ጄኔሬተር አልያዘም ነበር። የተግባቡት በጣልያንኛ ነው፤ ትራያን የእርሱ ቋንቋ የጣልያንኛ ዘመድ እንደሆነ ነገረው፤ ቢያዝን ደግሞ የሚያውቀው የስድቡን በኩል መሆኑን አልሸሸገም።

ቢያዝን ጫማውን አውልቆ ሲለካ ያየው ጊዜ ትራያን ጸሎት መስሎት ቆቡን አወለቀ። ነገሩ ሲገባው ግን አላመነም። ገደሉ አፋፍ ላይ ተወራረዱ፤ በዐሥር ቦታ ዐሥር ጊዜ ይለካሉ፤ የተሸነፈ የካሜራውን ባለ ሦስት እግር መቆሚያ እስከ መንደሩ ይሸከማል። ትራያን በአንገቱ የተንጠለጠለ ውድ መለኪያ ነበረው። በዘጠኙ ቦታ እግሩና መለኪያው አንድ ቃል ተናገሩ። በዐሥረኛው ተለያዩ።

«እግርህ ተሳሳተ» አለ ትራያን።

«እግሬስ እዚሁ ነው ያለው። ያንተን ዕቃ ግን ወደ ሰማይ አዙረኸዋል፣ ሙሴ ትራያን። ሰማዩን ነው የምናነሣው ወይስ ገብሱን?»

ትራያን እጁን ተመለከተ። መለኪያው በእርግጥ ወደ ሰማይ ዞሯል። መቆሚያውን ተሸከመ። አያ የሻው ከኋላው እየተከተሉ «በል ቀጥል፣ ይህች በቅሎ ሸጋ ናት፣ አትራገጥም» ይሉ ነበር፤ ትርጉሙን ሲሰማ ትራያን እንደ በቅሎ ተራግጦ አሳያቸው።

በመንገድ ላይ ትራያን ስለ ሥራው ለቢያዝን ነገረው። በአገሩ ዐሥራ አንድ ፊልም አንሥቷል፤ ስሙ ያለው በአራቱ ላይ ነው። አንድ ጊዜ ስለ አዲስ ትራክተር ፊልም እንዲሠራ ታዘዘ። ትራክተሩ ጭቃ ውስጥ ገባ፤ ገበሬዎቹ በሁለት በሬ ጎትተው አወጡት፤ ትራያንም ይህን አነሣው፤ በዕለቱ ያየው ከሁሉ የሚያምረው ነገር እርሱ ነበርና። የመንግሥት ፊልም መርማሪው በሬዎቹን አስቆረጠ፤ የትራያንንም ስም አብሮ አስቆረጠ።

«ትራክተሩስ?» አለ ቢያዝን።

«ትራክተሩማ ሽልማት አገኘ።»

ሁለቱም እስኪያስላቸው ሣቁ። ያን ጊዜ ለቢያዝን ይህ የሩቅ አገር ተረት ነበር።

ትራያን ከመሄዱ በፊት የቢያዝንን ጥቅልሎች ጎንደር ላይ በሙሉ አየ፤ አገሩ ከገባም በኋላ ሚያዝያ 1958 ዓ.ም. ለክፍሉ ደብዳቤ ጻፈ። የደብዳቤው ሦስተኛ አንቀጽ እንዲህ ይላል፤ «ክረምቱ ሁሉ ፀሐይ የሆነበት ፊልም ከዚህ በፊት አይቼ አላውቅም። ያነሣው ሰው ቢያዝን አዘዘ ይባላል፤ ሲያነሣ በዓይኔ አይቻለሁ።» ደብዳቤው በክፍሉ ቁጥር ተሰጥቶት ገቢ ሆኗል። አቶ ዳኛው በኅዳጉ ላይ «ታይቷል» ብለው ፈርመዋል።

ቢያዝን ፊልሙን ቆርጦ፣ ቀጥሎ፣ ስሙን በመግቢያው አስገብቶ በግንቦት 1959 ጨረሰ። ከትርኢቱ ሁለት ቀን በፊት ጥቅልሉ «ለግምገማ» ወደ ኃላፊው ቢሮ ተወሰደ። ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ ተመለሰ። የሚታየው በዚያው በቀድሞው ሲኒማ ቤት ነበር፤ ማኪናውን የሚያዞረውም ቢያዝን ራሱ። ስለዚህ የአቶ ዳኛው ስም ሸራው ላይ የወጣው በቢያዝን እጅ ነው። ከአዳራሹ መካከል የካሰች ድምፅ ተሰማ፤ «ምነው! ይህ የማን ስም ነው?»

ማኪናውን ማቆም ይችል ነበር። አላቆመም። አዳራሹ ሞልቶ ነበር፤ ወዲያው በሬው መጣ፤ ታየች መጣች፤ ሰዉ ጓሉ እስኪሸተው ድረስ ወደ ፊት አዘነበለ፤ በውቂያው ላይ ከኋላ ያሉት ተነሥተው አብረው ሆ አሉ። ቢያዝን በማኪናው መስኮት ይህን እያየ ፈገግ ብሎ ነበር ሲሉ አጠገቡ የነበሩ ይመሰክራሉ። ሠላሳ አራቱ ደቂቃ እንዲህ አለፈ።

ሰኞ አቤቱታ አቀረበ፤ ዐሥራ አንድ መስመር ነው። የጠየቀው ሁለት ነገር ብቻ ነው፤ ስሙ እንዲመለስና ካሜራው ከእጁ እንዳይወጣ። ሦስት አባላት ያሉት አጣሪ ጉባኤ ተሰየመ። ቢያዝን በእጁ የጻፈባቸውን የፊልም ቆርቆሮዎች፣ የመኪናውን መዝገብ፣ የትራያንን ደብዳቤና ደብተሩን አቀረበ። አቶ ዳኛው ያቀረቡት አንድ ወረቀት ነው፤ በታይፕ የተጻፈ፣ «የብርሃን አለካክ ሰንጠረዥ፣ በአቶ ዳኛው የተዘጋጀ» የሚል። ይዘቱ ቢያዝን በወንዝ ዳር የጻፈው ገጽ ነው፤ ነጭ ጋቢውና ጥቁሩ በሬ ሳይቀሩ።

የጉባኤው ሰብሳቢ በዚህ ጊዜ አንድ ቅን ሐሳብ አመጡ፤ ሁለቱም በግቢው ወጥተው ይለኩ። ከከተማው ፎቶ ቤት መለኪያ በውሰት መጣ። ሰኔ 14 ቀን፣ ወደ ዘጠኝ ሰዓት ገደማ፣ ደመናው ሲገለጥ ወጡ። ቢያዝን ጫማውን አውልቆ፣ ቆሞ፣ ቆጥሮ «ስድስት ተኩል ሊሞላ ጥቂት ይቀረዋል፤ ስምንት ቁጥር» አለ። መለኪያው ስምንት አለ።

አቶ ዳኛው ጫማቸውን አላወለቁም። ግቢው ጭቃ ነበር። ዘበኛውን አለበልን በጣት ጠቅሰው ፀሐይ ላይ እንዲቆም አዘዙ፤ አለበል በክፍሉ ውስጥ በቁመቱ አቻ የሌለው ሰው ነው። ከዚያ ታይፒስቷን ብርነሽን ጥላውን በእግሯ እንድትለካ አዘዙ፤ ብርነሽ ደግሞ የሕፃን ጫማ የምትጫማ ሴት ናት።

«ጌቶቼ» አለ አለበል ሳይነቃነቅ፣ «ጥላው የእኔ፣ እግሩ የእርሷ፣ ሰንጠረዡ የኃላፊው ከሆነ፣ ፎቶው የማን ይሆናል?»

«ዝም ብለህ ቁም!» አሉ አቶ ዳኛው። ወደ ጉባኤውም ዞረው «ይህ የሥራ ክፍፍል ይባላል» አሉ።

ብርነሽ ስምንት ጫማ ከሩብ ቆጠረች። አቶ ዳኛው ሰንጠረዡን አይተው «አምስት ነጥብ ስድስት» ብለው አስታወቁ። መለኪያው አሁንም ስምንት ነበር። ብርነሽ አፏን በነጠላዋ ያዘች፤ ከጉባኤው አባላት አንዱ ዘወር ብሎ ትከሻው ተናወጠ፤ ሰብሳቢው ራሳቸው መነጽራቸውን አውልቀው ዓይናቸውን ጠረጉ። ቢያዝን ብቻ ነበር በትሕትና የተናገረው፤ «የራስዎን ጥላ በራስዎ እግር ይለኩት እንጂ፣ ጌታዬ፤ እኔ ጫማዎን እይዝልዎታለሁ።»

ማንም ያልተጠራጠረበት ነገር በዚያ ግቢ ተረጋገጠ። ሰብሳቢው «ታዝበናል» አሉ። ቃሉ በቃለ ጉባኤው ላይ ሰፍሯል።

ውሳኔው ሰኔ 23 ቀን ወጣ። ስድስት መስመር ነው፤ ፍሬ ነገሩም ይህ ነው፤ «አመልካቹ በመዝገብ የጄኔሬተር ጠባቂ ስለሆነ ፊልም ለማንሣት የሚያስችል ማዕረግ የለውም፤ ማዕረግ የሌለው ሰው አነሣሁ የሚለው ፊልም ማዕረጉ ባለው ኃላፊ እንደተነሣ ይቆጠራል።» የግቢው ልኬት በውሳኔው ውስጥ አልተጠቀሰም። የትራያን ደብዳቤ አልተጠቀሰም። ሦስቱም አባላት ፈርመዋል፤ ሲስቅ ትከሻው የተናወጠውም ጭምር።

ቢያዝን በዚያው ቀን ካሜራውን አጽድቶ፣ ሌንሱን ጠርጎ፣ በሣጥኑ አስገብቶ አስረከበ። ጄኔሬተሩን ይዞ ፊልሙን በየገጠሩ ማሳየቱን አልተወም። መካነ ብርሃን ላይ በታየ ጊዜ፣ የአቶ ዳኛው ስም ሸራው ላይ ሲወጣ፣ አያ የሻውና ታየች ከፊት ተቀምጠው፣ ሜዳው በሙሉ በአንድ ድምፅ «ቢያዝን!» አለ። እስከ ዛሬም በታየ ቁጥር እንዲሁ ይላሉ፤ ማንበብ የማይችለው ከሁሉ አብልጦ ይጮኻል። ቢያዝን ከማኪናው ኋላ ሆኖ እጁን ያነሣላቸዋል። ካሰች፣ በዓመት አንድ ጊዜ አብራው ስትወጣ፣ እልል ትላለች።

ይህ ደስ ያሰኛል። ፍርድ ግን አይደለም።

አቤቱታው በ1960፣ በ1962ና በ1965 ዓ.ም. በድጋሚ ቀርቧል፤ ለሦስቱም መልስ አልተሰጠም። ካሜራው በኃላፊው ቢሮ ቁም ሣጥን ውስጥ ተቆልፎበታል፤ ከተቆለፈበት ቀን ጀምሮ አንድ ጥቅልል አልተነሣበትም። ይህ በተጻፈበት በጥር 1966 ዓ.ም. ቢያዝን አዘዘ በመዝገብ የጄኔሬተር ጠባቂ ነው። የፊልሙ መግቢያ አልተለወጠም።